የፊልም ዝርፊያና የቁም ነገር ሲኒማ ዕጣ

ደራሲ በብዕርና በወረቀት፣ ሠዓሊ በሸራና በቀለም ሥራውን ሊጀምር ይችላል። የፊልም አዘጋጅ ግን ካሜራና መብራት፣ ተዋንያንና ቴክኒሻኖች ያስፈልጉታል። ፊልም ከኪነ ጥበብ ዘርፎች ሁሉ ገንዘብ የሚጠይቅ መሆኑ የታወቀ ነው። እንግዲህ ፊልምን ያለ ባለቤቱ ፈቃድ በኢንተርኔት ማሰራጨት የሚያስከትለው ጉዳት ሲመዘን፣ በቅድሚያ መጠየቅ ያለበት የሚጎዳው ማን ነው የሚለው ነው።

ትልልቅ ኩባንያዎች የአንዱን ፊልም ኪሳራ በሌላው ትርፍ ያካክሳሉ። በግል ጥረቱ ቁም ነገር ያለው ፊልም የሚሠራው ባለሙያ ግን ይህ ዕድል የለውም። ለዚህም የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ሥራዎች ምስክር ናቸው። «ሳንኮፋ» እ.ኤ.አ. በ1993 ሲወጣ በአሜሪካ የሚያከፋፍለው ኩባንያ በመታጣቱ፣ አዘጋጁ ራሳቸው አዳራሽ እየተከራዩ ለሕዝብ አሳዩት። ይኸው ፊልም ታድሶ በኔትፍሊክስ የቀረበው በ2021፣ ማለትም ከ28 ዓመታት በኋላ ነው። በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት ያገኘው «ጤዛ»ም ተሠርቶ እስኪያልቅ ከ10 ዓመት በላይ ፈጅቷል።

ከዚህ የምንረዳው እንዲህ ያለ ፊልም ተመልካቹን ቀስ በቀስ፣ በዓመታት የሚሰበስብ መሆኑን ነው። መከሩ የሚደርሰው ዘግይቶ ነው፤ ዘራፊው የሚያጭደውም ይህንኑ ነው። የሚቀጥለው ፊልም ከቀደመው ገቢ የሚበቅል በመሆኑ፣ የተሰረቀው የተሠራው ብቻ ሳይሆን ገና ያልተሠራውም ጭምር ነው።

ጉዳቱ በገንዘብ ብቻ አይወሰንም። ሥራው በቀናት ውስጥ እንደሚባዛበት የተረዳ አዘጋጅ፣ በጥቂት ሳምንታት በአንድ ሳሎን ተቀርጾ የሚያልቅ ቀልድ ይመርጣል። ታሪክን መርምሮ፣ ገጠር ወርዶ፣ ዓመታት ደክሞ የሚሠራው ከመድረኩ ይገፋል። ስለሆነም ዝርፊያ በይዘትም ሆነ በቅርጽ ላይ የሚፈርድ ስውር ሐያሲ ሆኗል ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ሲኒማ ቤት በሌለበት ከተማ የሚኖር ተመልካች ፊልሙን ከየት ያገኘዋል የሚሉ አሉ። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ የሕዝቡ የፊልም ጥማትም አይነቀፍም። ይሁን እንጂ ምንጩን እያደረቁ ጥማትን ማርካት አይቻልም። ከማስታወቂያ ገቢ የሚሰበስበው ሰቃይም የሕዝብ አገልጋይ ሊባል አይችልም።

በሀገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የፈጠራ ባለቤትን መብት ደንግጓል። ዩቲዩብም የተሰረቀ ሥራን የሚለይ ሥርዓት አለው፤ ሆኖም ሥርዓቱ የሚፈቀደው መስፈርቱን ለሚያሟሉ፣ በአብዛኛው ብዙ ሥራ ላላቸው ባለመብቶች በመሆኑ፣ ብቸኛው አዘጋጅ ቅጂዎቹን አንድ በአንድ እያሳደደ ለማመልከት ይገደዳል። ሕግ ብቻውን አይበቃም የምንለውም ስለዚህ ነው። የባህል አዳራሾችና ትምህርት ቤቶች አዘጋጁን ጋብዘው፣ ተገቢውን ዋጋ ከፍለው ፊልሙን ቢያሳዩና ቢያወያዩ፣ ተመልካቹ ፊልሙን፣ አዘጋጁም የድካሙን ዋጋ ያገኛል። ቁም ነገር ያለው ሲኒማ እንዲኖረን የምንሻ ሁሉ የመግቢያውን ዋጋ እንደ ወጪ ሳይሆን ለመጪው ፊልም እንደሚዘራ ዘር ልንቆጥረው ይገባል።