ጆሮ ዳባ ልበስ ያለች ከተማ፦ የጊሊያን ፍሊን «ሻርፕ ኦብጄክትስ» ሂሳዊ ዳሰሳ

ዊንድ ጋፕ በተባለችው የልቦለድ ከተማ እውነቱን ከሁሉ ቀድሞ የተናገረው አንድ ትንሽ ልጅ ነው። ናታሊ ኪን የተባለች የ10 ዓመት ልጅ ስትወሰድ በዓይኑ በብረቱ አይቷል፤ የወሰደቻት ነጭ የለበሰች ሴት እንደሆነችም ለጠየቀው ሁሉ ተናግሯል። የሰማው ግን የለም። እናቱ በካንሰር የአልጋ ቁራኛ ሆናለች፤ ስለዚህ ከጭንቀቱ ብዛት ተረት ፈጠረ ተባለ። ፖሊስ የሚያድነው ወንድ ነው፤ ቢቻል ደግሞ ከሌላ አገር የመጣ፣ ማንም የማያውቀው መንገደኛ። ጊሊያን ፍሊን እ.ኤ.አ. በ2006 ያሳተመችው የመጀመሪያ ልቦለዷ «ሻርፕ ኦብጄክትስ» («ስለታም ነገሮች» እንበለው) ይህን ምስክር ገና በጊዜ ያቀርብልናል፤ አንባቢውም እንደ ከተማዋ ሰው ሰምቶት ያልፋል። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ዳሰሳው የልቦለዱን ፍጻሜ ሳይሸሽግ ይነጋገራል፤ መጽሐፉን ገና ያላነበበ ሰው ይህን አስቀድሞ ቢያውቅ ይበጀዋል። የመጽሐፉ ኃይል ጎልቶ የሚታየው ገዳዩን አውቆ ዳግም ላነበበው ነው። በሁለተኛው ንባብ ምልክቱ ሁሉ ከመጀመሪያዎቹ ምዕራፎች ጀምሮ በገሃድ ተቀምጦ ይገኛል። ምስክሮች ነበሩ፣ ተናግረዋል፤ ከተማዋ ግን ጆሮ ዳባ ልበስ ብላለች። በዊንድ ጋፕ ጭካኔ የሚመጣው የእናት እንክብካቤ መስሎ ስለሆነ፣ ወደዚያ በኩል ለማየት ልብ ያገኘ ሰው አልነበረም።

ታሪኩ ሲጀምር ካሚል ፕሪከር ቺካጎ ውስጥ የጋዜጣ ዘጋቢ ናት። በትውልድ ከተማዋ ባለፈው ነሐሴ አን ናሽ የተባለች የ9 ዓመት ልጅ ታንቃ ተገድላለች፤ አስከሬኗ ከወንዝ ሲወጣ ጥርሶቿ ተነቅለው ነበር። አሁን ደግሞ ሁለተኛ ልጅ ጠፍታለች። የጋዜጣው አዘጋጅ ፍራንክ ከሪ «አገርሽ ነው፤ ሂጂና ዘግቢ» ብሎ ይልካታል። ብዙም ሳትቆይ የናታሊ አስከሬን ተገኘ፤ የተገኘውም በጫካ ወይም በገደል አልነበረም፤ በዋናው ጎዳና ላይ፣ በሴቶች ፀጉር ቤትና በአንድ የሕንፃ መሣሪያ መደብር መካከል ባለች ጠባብ ክፍተት ተሸጉጦ ነበር። ፍሊን ይህን ቦታ ስትመርጥ ያለ ምክንያት አይመስልም። ሰው ሁሉ በየዕለቱ የሚያልፍበት፣ ማንም አንገቱን ዞር አድርጎ የማያየው ቦታ ነው፤ የከተማዋን ጠባይ ከየትኛውም ገለጻ በላይ ያሳያል።

ወደ ተወለዱበት መመለስ ለልብ አንጠልጣይ ልቦለድ የተለመደ መነሻ ነው። ስቲቨን ኪንግ በ1975 ባሳተመው «ሳሌምስ ሎት» ጸሐፊው ቤን ሚርስ በልጅነቱ ወደኖረባት ከተማ ይመለሳል። አውስትራሊያዊቷ ጄን ሃርፐር በ2016 ባወጣችው «ዘ ድራይ» ውስጥ ፖሊሱ አሮን ፎክ ድርቅ ወዳደቀቃት ኪዋራ ሲገባ የሚጠብቀው የድሮ ክስ ነው። ለፎክ መመለሱ ስሙን የሚያጸዳበት ዕድል ይሆንለታል። ካሚል የሚያነጻት ነገር የለም። እሷ ስትመለስ የቤቱ መድኃኒት፣ የቤቱ ወተት፣ የቤቱ ሥርዓት በነበሩበት ይጠብቋታል። እንግዳ ሆና ለመጠየቅ የመጣች ዘጋቢ ስትሆን፣ ደጃፉን ስትረግጥ ግን ልጅ ትሆናለች። ልቦለዱ ውጥረቱን ያገኘው ከዚህ ድርብ ማንነት ነው።

ዊንድ ጋፕ በካርታ ላይ የለችም፤ ፍሊን ግን ያስቀመጠቻት በሚዙሪ ግዛት ደቡብ ምሥራቅ ጥግ፣ ከቅርጹ የተነሳ «ቡትሂል» በሚባለው አካባቢ ነው። ይህ ምድር ረግረጋማ ነበር፤ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ውኃው ተንጣፎ የጥጥ እርሻ ሆነ። ሚዙሪ በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ዘመን ባርነት እየተፈቀደባት ከሰሜኖቹ ኅብረት ያልወጣች ግዛት ናት፤ በዚህ ጥግ ግን አኗኗሩም ወጉም ወደ ደቡብ ያደላል። በረንዳ ላይ የሚጠጣው መጠጥ፣ ለእንግዳ የሚለበሰው ፊት፣ ገመናን የመሸፈን ብርታት ከዚያ የመጡ ናቸው። ደራሲዋ ራሷ በ1971 የተወለደችው በግዛቱ ማዶ፣ በካንሳስ ሲቲ ነው። ግድያውን ሊመረምር የመጣው ሪቻርድ ዊሊስም የካንሳስ ሲቲ ሰው ነው፤ ብልህ ነው፣ ትጉህ ነው፣ የዚህን አገር ጨዋነት ግን አንብቦ አይጨርሰውም።

ከተማዋን የምታኖራት የአሳማ ማረጃዋ ናት፤ ባለቤቷም የካሚል እናት አዶራ። በመጽሐፉ ውስጥ ከሁሉ የሚከብደው ትዕይንት ደም የለበትም። ካሚል በእናት የምትገናኛትን የ13 ዓመት እህቷን አማን ተከትላ ወደ ቤተሰቡ የአሳማ እርባታ ትሄዳለች። እንስቷ አሳማ መገላበጥ በማትችልበት የብረት አጥር ውስጥ በጎኗ ተጋድማለች። ግልገሎቹ ይራኮቱባታል፤ ጡቷ ቆስሏል፤ ልነሳ ብትልም ብረቱ ይዟታል። አማ ከአጥሩ ውጭ ቆማ በተመስጦ ታያለች፣ ደስም ይላታል። ይህ የደራሲዋ ፈጠራ ብቻ አይደለም። የፍሎሪዳ መራጮች እርጉዝ አሳማዎችን በእንዲህ ያለ ጠባብ ብረት ውስጥ ማቆየትን በ2002 በድምፃቸው ከልክለዋል፤ አሪዞናም ልቦለዱ በታተመበት ዓመት ተከትላለች። ፍሊን የታወቀ የእርባታ አሠራር ወስዳ ማጥባትን ከእስራት ጋር አንድ አድርጋ አሳየችን፤ ከዚያ በኋላ በአዶራ ቤት የሚቀርብ የወተት ብርጭቆ ሁሉ ያንን በረት ያስታውሳል።

አዶራ ልጆቿን የምትወደው ሲታመሙ ነው። ሁለተኛዋ ልጇ ማሪያን የተሰጣትን ሁሉ እየዋጠች ኖረች፣ በልጅነቷም ሞተች። ካሚል ግን መድኃኒቱን እምቢ ያለች ልጅ ነበረች፤ እምቢታዋ ሕይወቷን አተረፈላት፣ የእናቷን ፍቅር ግን አሳጣት። አማ ሦስተኛውን መንገድ መርጣለች፦ ቤት ውስጥ የምትታመም፣ የምትታቀፍ ሕፃን፤ ከቤት ውጭ ግን እኩዮቿን የምታርበደብድ አለቃ። ሁለቱን ልጆች የገደለችው እሷ ናት፤ የልጁ «ነጭ የለበሰች ሴት»ም እሷ ነበረች። ምክንያቷ ሲገለጥ በጣም ትንሽ፣ በጣም የቤት ውስጥ ነገር ነው፤ አዶራ ለአንና ለናታሊ ትኩረት መስጠት ጀምራ ነበር። በዚያ ቤት እንክብካቤ እንደ ገንዘብ የሚቆጠር፣ ለሌላ ሲሰጥ የሚጎድል ሀብት ሆኗል።

የአዶራ ሕመም በሕክምናው ዓለም የታወቀ ታሪክ አለው። እንግሊዛዊው ሐኪም ሪቻርድ አሸር በ1951 ራሳቸውን እያሳመሙ ሐኪም ቤት የሚመላለሱ ሰዎችን ሁኔታ በተረት ቀጣፊው በባሮን ሙንቻውሰን ስም ሰየመው። በ1977 ደግሞ የሕፃናት ሐኪሙ ሮይ ሜዶው «ላንሴት» በተባለው የሕክምና መጽሔት ላይ ልጆቻቸውን የሚያሳምሙ ወላጆችን ጉዳይ አቀረበ። የታሪኩ ሌላ ገጽ አሳዛኝ ነው፦ ሁለት ወንዶች ልጆቿን ገድላለች ተብላ በ1999 የተፈረደባት እንግሊዛዊት እናት ላይ ሜዶው ባለሙያ ምስክር ሆኖ፣ በአንድ ቤት ሁለት ልጆች እንዲህ በድንገት የመሞታቸው ዕድል ከ73 ሚሊዮን አንድ ነው አለ። ስሌቱ የተሳሳተ ነበር፤ ፍርዱም በ2003 ተሻረ። እናትን ያለ ማስረጃ መጠርጠርም እናትን ፈጽሞ አለመጠርጠርም ሰው ያጠፋሉ፤ ፍሊን የጻፈችው ስለ ሁለተኛው ነው። በልቦለዱ ማሪያንን ያስታመመች አንዲት ነርስ አዶራን ጠርጥራ ነበር፤ ጥርጣሬዋን ተናገረች፣ ሰሚ ግን አጣች። ከልጁ ቀጥላ ሁለተኛዋ ያልተሰማች ምስክር እሷ ናት።

ሦስተኛው ምስክር የካሚል ገላ ነው። ካሚል ከ13 ዓመቷ ጀምሮ በገላዋ ላይ ቃላት ስትቀርጽ ኖራለች፤ በሚዙሪ የበጋ ወበቅ ረጅም እጅጌ የምትለብሰውም ጠባሳውን ለመሸፈን ነው። ብዙ የወንጀል ልቦለዶች እንዲህ ያለውን ጉዳት ገጸ ባሕርይን «ጥልቅ» ለማስመሰል ይለጥፉታል። እዚህ ግን ሥራ አለው። ቃላቱ እንደ ታሪኩ አካሄድ ያሳክካሉ፣ ይግላሉ፣ አንዱ ተነስቶ ሌላው ይተኛል። በቤቱ ውስጥ ማንም ያልመዘገበውን ነገር የመዘገበ ሰነድ ነው ማለት ይቻላል። ወደ ፍጻሜው ስንቃረብ ካሚል በልጅነቷ እምቢ ያለችውን መድኃኒት እያወቀች ከእናቷ እጅ ተቀብላ ትጠጣለች፤ ማሪያን እንዴት እንደሞተች ማረጋገጫው ይህ ብቻ ነውና። የወባ መድኃኒት፣ ሆድ የሚያስቀምጥ ክኒን፣ ለፈረስ የሚሰጥ ማፍዘዣ በቤቱ ተገኙ። ከቺካጎ የተላከችው ዘጋቢ ማስረጃውን በማስታወሻ ደብተሯ ሳይሆን በደሟ ይዛ ወጣች። በመጽሐፉ ውስጥ ከዚህ የሚበልጥ ድፍረት የለም፤ ከዚህ የሚበልጥ ሐዘንም የለም።

የአዶራ መኝታ ቤት ወለል የዝሆን ጥርስ ንጣፍ ነው፤ የቤቱ ኩራት። አማ ደግሞ የዚያን ቤት አምሳያ የሆነ የአሻንጉሊት ቤት አላት፤ ምንጣፉ፣ አልጋው፣ መጋረጃው አንድ በአንድ ከእውነተኛው ጋር እንዲመሳሰል ትጨነቃለች። አንባቢ ይህን እንደ ቅምጥል ልጅ አባዜ ቆጥሮት ያልፋል። በመጨረሻ ካሚል የአሻንጉሊቷን መኝታ ቤት ወለል ስታይ ንጣፉ ከሕፃናት ጥርስ የተሠራ ነው። ፍሊን ይህን ፍንጭ ያስቀመጠችበት ጥበብ የሚደነቅ ነው፤ ዝርዝሩን ሁሉ በእጃችን አስይዛን ነበር። የትልቁ ወለል ውበት እንዴት እንደተገኘ ማንም አልጠየቀም፤ የትንሹም አልተጠየቀም።

መጽሐፉ ጉድለት አለበት። አዶራ ከተያዘች በኋላ እውነተኛው ገዳይ የሚገለጠው በጥቂት ገጾች ውስጥ፣ በጥድፊያ ነው፤ እስከዚያ በትዕግሥት የተሠራው ድርና ማግ መጨረሻው ላይ ተቻኩሏል። መርማሪው ዊሊስም ከፍቅር አጋርነት ብዙ አይዘልም። ከሁሉ የሚቆጨው ግን የማረጃው ሠራተኞች ነገር ነው። ከተማዋ በእነሱ ላብ ትኖራለች፣ በልቦለዱ ውስጥ ግን ሽታው እንጂ ድምፃቸው እምብዛም አይሰማም። በዚሁ ቡትሂል በጥር 1939 ከመሬት የተፈናቀሉ ከሺህ በላይ የጥጥ ተጋዥ ገበሬዎች፣ ነጮችም ጥቁሮችም፣ ከነቤተሰባቸው በአውራ ጎዳና ዳር ሰፍረው አቤት ብለው ነበር። ስለማይሰሙ ሰዎች የተጻፈ ልቦለድ ይህን ታሪክ ከመሠረቱ ላይ ተቀምጦ ሳያየው ማለፉ የራሱ ጉድለት ሆኖ ይቆጠራል።

«ሻርፕ ኦብጄክትስ» በ2007 ከብሪታኒያ የወንጀል ልቦለድ ጸሐፊዎች ማኅበር ሁለት የ«ዳገር» ሽልማቶችን በአንድ ዓመት ወሰደ። ፍሊን ያኔ ገና የ«ኢንተርቴይንመንት ዊክሊ» መጽሔት ባልደረባ ነበረች፤ ዓለም ያወቃት «ጎን ገርል» የመጣው በ2012 ነው። በ2018 ኤች ቢ ኦ ልቦለዱን በ8 ክፍል ተከታታይ ፊልም አድርጎ አቀረበው፤ አዘጋጁ ዣን-ማርክ ቫሌ ነበር፣ ካሚልን ኤሚ አዳምስ፣ አዶራን ፓትሪሺያ ክላርክሰን ተጫወቱ። ፊልሙ በመጽሐፉ የሌለ «የካልሁን ቀን» የሚባል ክብረ በዓል ጨምሯል፤ ከተማዋ የአንዲት ወጣት ሙሽራን ሥቃይ እንደ ጀግንነት በየዓመቱ ታከብራለች። ይህ ጭማሪ የልቦለዱን ሐሳብ በሚገባ አስፍቶታል፤ ሴት ችላ ስትሠቃይ የሚያጨበጭብ አደባባይ ለአዶራ ቤት ትክክለኛ ጎረቤት ነው።

ፍጻሜው ላይ ግን ፊልሙ ተሸንፏል። ካሚል ጥርሶቹን ባየችበት ቅጽበት፣ አማም በሩ ላይ ቆማ ለእናቷ እንዳትነግርባት በለመነችበት ይቋረጣል፤ ድንጋጤው ኃይለኛ ነው፣ ከዚያ በኋላ ያለው ሕይወት ግን የለም። መጽሐፉ ይቀጥላል። ካሚል አማን ወደ ቺካጎ ወስዳ ስታሳድግ፣ ትኩሳቷን ስትለካ፣ መድኃኒት ስትሰጣት ራሷን ትጠራጠራለች፦ የታመመችን ልጅ መንከባከብ ደስ ያሰኛት ደግ ስለሆነች ነው ወይስ የእናቷ በሽታ ስላለባት? አማ ቺካጎ ውስጥም ሌላ ልጅ ገድላ ከተያዘች በኋላ ካሚል እንደገና በገላዋ ላይ ስለት ታነሳለች፤ አዘጋጇ ከሪና ሚስቱ ደርሰው ያድኗታል፣ ወደ ቤታቸውም ይወስዷታል። በዚያ ቤት መርዝ የሌለበት እንክብካቤ ምን እንደሚመስል፣ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ በትልቅነቷ ትማራለች። የቴሌቪዥኑ ቅጂ ለድንጋጤው ሲል የቆረጠው ይህንን ነው፤ ፍሊን አንባቢዋን በአዶራ ቤት ስታስጨንቅ የቆየችው ግን የከሪ ቤት እስኪደርስ ነበር።