ኖላዊ፦ እረኛ የማይባል እረኛ

እህቴ ወንድ ልጅ የወለደች ሰሞን ቤታችን ውስጥ ያልተነሳ ስም አልነበረም። ናሆም ተባለ፣ ባሮክ ተባለ፣ ኢዮስያስ ተባለ። በመጨረሻ «ኖላዊ» ላይ ጸናች። ስሙን ለአባቴ የነገርኩት እኔ ነኝ። ቡናውን እየጠጣ ነበር።

«ደስ ይላል። ምን ማለት ነው?» አለኝ።

«በግዕዝ እረኛ ማለት ነው፣ አባዬ።»

ሲኒውን አስቀመጠ። «እኔ ከእረኝነት ያመለጥኩት የልጅ ልጄ እረኛ እንዲባል ነው?»

እኛ ሳቅን፣ እሱ አልሳቀም። አባቴ በስምንት ዓመቱ ሰው ቤት እረኝነት የተቀጠረ ሰው ነው። የዓመት ደመወዙ አንድ ቁምጣና ለእናቱ የሚሰፈር ጥቂት እህል ነበር። ጥጃ ከጠፋ እራት የለም፤ ከብቱ ማሳ ከገባ ዱላ አለ። ከዚያ ሕይወት ወጥቶ ከተማ ገብቶ የማታ ትምህርት የተማረ ሰው ፊት «እረኛ» የሚለውን ቃል እንደ ጌጥ ማቅረብ ቀላል አይደለም። ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ለእሱ ጥያቄ መልስ ስላጣሁ ነው።

ሥራዬ ኮድ መጻፍ ነው። ስም ለእኔ አብዛኛውን ጊዜ ቅጽ ላይ የሚሞላ ሣጥን ነው። በዚያ ዓይን ካየሁት ኖላዊ የታደለ ስም ነው። ኃይሉን «ሀይሉ» ብሎ፣ ሣህሉን «ሳህሉ» ብሎ የሚጽፍ ስለማይጠፋ፣ የአማርኛ ስም ፍለጋ የሠራ ሰው ሁሉ የሞክሼ ፊደላትን ጣጣ ያውቃል። ኖላዊ ውስጥ ሀ የለ፣ ሰ የለ፣ አ የለ፣ ጸ የለ። በሦስት ፊደል፣ በአንድ አጻጻፍ ብቻ ይጻፋል። የሚፈነዳ ድምፅም ስለሌለው ውጭ አገር ያለ አስተማሪ ሳይሰብረው ይጠራዋል። ወላጆች ይህን ስም የወደዱበት አንዱ ምክንያት ይህ ልስላሴው ይመስለኛል።

ልስላሴው ግን ያታልላል። መጀመሪያ የሰማሁት ጊዜ እንደ «ኢትዮጵያዊ»፣ እንደ «ሰማያዊ» አድርጌ «ኖላ» ከሚባል ቦታ ወይም ነገር የመጣ መስሎኝ ነበር። ስህተቱን የሚያሳየው ብዙ ቁጥሩ ነው። ኢትዮጵያዊ ሲበዛ ኢትዮጵያውያን ይሆናል፤ ኖላዊ ሲበዛ ግን ኖላውያን አይባልም፣ «ኖሎት» ነው። ጸሓፊ ሲበዛ ጸሐፍት እንደሚባለው ማለት ነው። ስለዚህ መጨረሻ ላይ ያለችው «ዊ» የተቀጠለች አይደለችም፤ «ወ» የቃሉ ሥር ናት። ስሙ የየት አገር ሰው መሆንን አይነግርም። የሚነግረው ሥራን ነው፦ የሚጠብቅ፣ የሚያሰማራ።

የተዋሕዶ ምእመን ቃሉን በዓመት አንድ ሰሞን ይሰማዋል። በጾመ ነቢያት ከገና በፊት ሦስት ሰንበቶች በስም ይጠራሉ፦ ስብከት፣ ብርሃን፣ ኖላዊ። ኖላዊ ከታኅሣሥ 21 እስከ 27 ባለው ጊዜ የሚውለው እሑድ ነው። መነሻው የዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 10 ሲሆን፣ እዚያ ክርስቶስ ራሱን መልካም እረኛ ይላል፤ በግዕዙ ኖላዊ ኄር። ምዕራፉ እረኛውን ከተቀጣሪው ጋር ያነጻጽራል። ተኩላ ሲመጣ ተቀጣሪው ይሸሻል፣ እረኛው ይቆማል።

እዚህ ጋ አባቴ ትዝ አለኝ። እሱ እኮ ተቀጣሪ ነበር። በጎቹ የእሱ አልነበሩም። ጅብ ሲመጣ ግን ያልሸሸበት ምክንያት ፍቅር ሳይሆን የጌታው ዱላ ነው። የወንጌሉ ምሳሌ ስለ አምላክ የተነገረ እንጂ ስለ እሱ ዓይነት ልጆች የተነገረ አይደለም፤ ያንን አውቃለሁ። ቢሆንም ስሙን የምንወስደው ከምሳሌው ከሆነ፣ ምሳሌው የቆመበትን ሥራ ዓይናችንን ጨፍነን ማለፍ አንችልም።

ግዕዝ ለዚህ ሥራ ሌላም ቃል አለው፦ «ረዐየ»፣ አሰማራ፣ ጠበቀ። ዳዊት እግዚአብሔርን እንደ እረኛው የሚያይበት መዝሙር፣ በግዕዙ ቁጥር 22ኛው፣ የተጠቀመው በዚህኛው ግሥ ነው። የኛ «እረኛ» ደግሞ የዚሁ የ«ረዐየ» ዘር ነው። ማለትም እረኛ ከኖላዊ ያነሰ ቃል አይደለም። ሁለቱም የግዕዝ ቤት ልጆች ናቸው፤ ሁለቱም ለአምላክ ተነግረዋል። ልዩነቱ አንዱ ቤተ መቅደስ ቀረ፣ ሌላው ሜዳ ወርዶ ጭቃ ነካው። ኖላዊ ንጹሕ የሆነው ሥራ ስላልሠራ ነው።

በስሙ ላይ ያለኝ ዋና ትችት ይህ ነው። እህቴ እንኳ ትርጉሙን ለሚጠይቃት ሰው መጀመሪያ «ጠባቂ ማለት ነው» ነበር የምትለው። ሌላ ጊዜ «መሪ» ትላለች። እረኛ የሚለው ቃል ከአፏ ለመውጣት ሁለት ሦስት ጥያቄ ይፈጃል። ልጁን «እረኛ» ብሎ የሚሰይም ወላጅ አላጋጠመኝም። ኖላዊ ግን አለ። ግዕዙ እንደ ነጭ ነጠላ ሆኖ ከሥር ያለውን የተቀደደ ቁምጣ ይሸፍናል። ይህን የሚያደርገው ግዕዝ ብቻ አይደለም፤ «ፓስተር»ም በላቲን እረኛ ነው፣ ግን ያንን ማዕረግ ሰምቶ ዱላና በግ የሚታየው ሰው የለም።

እረኛ ግን እንዲህ የሚታፈርበት ቃል ነበር እንዴ? ገና ጨዋታ በባህላችን የሚተረከው የልደቱን ዜና ሰምተው በደስታ ከተጫወቱት እረኞች ጋር ተያይዞ ነው። ቡሄ ሲመጣ ጅራፍ የሚያጮኸው እረኛው ነው። ከሁሉም በላይ ደግሞ «እረኛ ምን አለ?» የሚል አነጋገር አለን። ንጉሥና መኳንንት የአገሩን ሁኔታ ለማወቅ እረኛው በሜዳ የሚያዜመውን ያስጠይቁ ነበር ይባላል። ማንም የማይፈራው፣ ማንንም የማይፈራ ልጅ እውነቱን ያወጣዋል ተብሎ ይታመናል። በቅርቡም በአርትስ ቴሌቪዥን የታየው «እረኛዬ» ድራማ ርዕሱን ከዚሁ ከሜዳው ቃል ወስዶ ተወዳጅ ሆኗል። ቃሉ ሲጠራ ውበት አላጣም፤ ያጣነው እኛ ነን።

ለሥራውም ለልጅነቱም ያለን አስተያየት ስሙ ውስጥ ይታያል። የአያቶቻችን ስሞች ዓረፍተ ነገር ነበሩ፦ ደምሰው፣ ይበልጣል፣ በላቸው። በደርግ ጊዜ አብዮት የተባሉ ልጆች ተወለዱ። የኛ ትውልድ ወላጆች ደግሞ ከመጽሐፍ ቅዱስና ከግዕዝ አጭርና ለስላሳ ስም ይመርጣሉ። በላቸው የሚል ስም ከልጁ የሚፈልገውን በግልጽ ያዛል። ኖላዊም ያዛል፣ ግን ትእዛዙን ለመስማት መጀመሪያ መተርጎም አለበት። ሳይተረጎም ከቀረ ድምፅ ብቻ ነው።

ደግሞ በኛ አገር ስም ለአንድ ሰው ብቻ አይቀርም። ዛሬ የእህቴ ልጅ ስም የሆነው ነገ የልጆቹ የአባት ስም፣ ቆይቶ የልጅ ልጆቹ የአያት ስም ነው። እረኝነቱን ደብቀን ከሰጠነው፣ የተደበቀው ነገር ሦስት ትውልድ ተደብቆ ይሄዳል።

ስለዚህ ፍርዴ፦ ስሙ ጥሩ ነው፣ ትርጉም አሰጣጣችን ነው የተበላሸው። ልጁ ሲያድግ «ስምህ ጠባቂ ማለት ነው» ብቻ ከተባለ ግማሹን ተነፍጓል። «ስምህ እረኛ ማለት ነው፣ አያትህም እረኛ ነበር» ከተባለ ግን ስሙ የሚቆምበት መሬት አገኘ። ወንጌሉንም፣ ቁምጣውንም አንድ ላይ ይሸከማል።

ይህን ለአባቴ እንዲህ አድርጌ አላስረዳሁትም፤ የሥርና የብዙ ቁጥር ወሬ አይወድም። ዳዊት የተጠቀመበት ቃል ከእረኛ ጋር አንድ ዘር መሆኑን ብቻ ነገርኩት። ዝም ብሎ ሰማኝ። «ዳዊት የአባቱን በግ ነው የጠበቀው» አለኝ ቆይቶ። ልክ ነው፣ መልስ አልነበረኝም።

ባለፈው ቅዳሜ ግን ሕፃኑ እንቅልፍ እንቢ ብሎ ቤቱን በለቅሶ አናወጠው። አባቴ ከሳሎን ሆኖ ወደ መኝታ ቤቱ ጮክ ብሎ ጠየቀ፦ «እረኛው ምን አለ?»