ስሙ መስማት ነው

«ድርቡሽ» የሚለው ቃል በአማርኛ አንባቢ አእምሮ ውስጥ ቀድሞ የሚያስነሣው መተማን ነው። እ.ኤ.አ. በ1888 ጎንደርን ያቃጠለውና በማርች 1889 ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ የወደቁበትን ጦርነት የተዋጋው የሱዳኑ የማህዲ ሠራዊት በቋንቋችን የተጠራው በዚህ ስም ነበርና፣ ቃሉ ለብዙዎቻችን ከጦርና ከእሳት የተለየ ትርጉም አልቀረለትም። በምንጩ በፋርስኛ ግን ደርዊሽ ማለት ድኻ፣ የዓለምን ሀብት ትቶ ፈጣሪውን የሚፈልግ ሰው ማለት ነው። አንድ ቃል ድንበር ሲሻገር ምን ያህል ሸክም ጥሎ፣ ምን ያህልስ ሌላ ሸክም ተሸክሞ እንደሚደርስ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም። ትርጉም ሙያዬ ስለሆነ ነገሩ ያሳስበኛል፤ ከዚህ በታች የምጽፈውም በሁለት አገሮች ስላየኋቸው ሁለት ሥርዓቶችና በአንደኛው ላይ ስለ ፈጸምሁት የቃል ስሕተት ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ለሥራ ስጓዝ በኢስታንቡል ሁለት ሌሊት አደርሁ። የከተማዋ እንግዳ ሁሉ እንደሚያደርገው እኔም ትኬት ቈርጬ «የሚሽከረከሩት ደርዊሾች» ወደሚታዩበት አንድ አዳራሽ ገባሁ። ሥርዓቱ ነቢዩን በሚያወድስ ዜማ ተጀመረ። ኩዱም የተባለው ትንሽ ከበሮ ተመታ፤ ኔይ የተባለው የሸምበቆ ዋሽንት ብቻውን አንጐራጐረ። ጥቁር ካባ የደረቡ ሰዎች መድረኩን በዝግታ ሦስት ጊዜ ከዞሩ በኋላ ካባቸውን አውልቀው በነጭ ቀሚስ ቀሩ። ጥቁሩ ካባ የመቃብር፣ ነጩ ቀሚስ የከፈን፣ ረጅሙ የሱፍ ቆብ ደግሞ የመቃብር ድንጋይ ምሳሌ ነው። ከዚያም ቀኝ መዳፋቸውን ወደ ሰማይ፣ ግራውን ወደ ምድር አድርገው፣ በግራ እግራቸው ላይ እንደ እንዝርት ዞሩ። ከላይ የተቀበሉትን ለምድር ያስተላልፋሉ ማለት ነው። «ሰላም» የሚባሉ አራት ክፍሎች አሉት፤ የሚፈጸመውም በቁርኣን ንባብና በዱዓ ነው።

ይህን ማብራሪያ ያገኘሁት በመግቢያው ከተሰጠኝ ወረቀት ነው እንጂ ከሥርዓቱ አልነበረም። ዓይኔ ከቀሚሱ አልተነቀለም፤ የጎረቤቶቼ ዓይንም እንዲሁ። በመጨረሻ ቁርኣኑ እየተነበበ ሳለ ከኋላዬ ጭብጨባ ተነሣ። አሳፋሪውን ልናገርና፣ እኔም አጨበጨብሁ።

ሥርዓቱ «ሴማ» ይባላል። ቃሉ የዐረብኛው «ሰማዕ» ነው፤ የግእዙ «ሰምዐ» እና የእኛው «ሰማ» ከዚያው ሥር የበቀሉ ናቸው። ትርጉሙም መስማት ነው። አማርኛ ተናጋሪ ይህን ለማወቅ መዝገበ ቃላት መግለጥ አያስፈልገውም፤ ጆሮውን ማቅናት ይበቃዋል። እንግዲህ በዚያ ምሽት የነበርነው ሰዎች ስሙ መስማት የሆነውን ነገር ለማየት ገንዘብ ከፍለን ገባን ማለት ነው።

ስለ ሥርዓቱ አመጣጥ የሚተረከውም ይህንኑ ያጠናክራል። ከ1207 እስከ 1273 የኖረው ጀላሉዲን ሩሚ በኮንያ ገበያ ሲያልፍ የወርቅ አንጥረኞችን መዶሻ ድምፅ ሰማ፤ በምቱ ውስጥ የፈጣሪውን ስም አዳመጠ፤ ያን ጊዜ በመንገዱ ላይ ይዞር ጀመር ይባላል። ትረካው እውነትም ይሁን አፈ ታሪክ፣ የነገሩን ቅደም ተከተል ያስረዳል። መስማት ይቀድማል፤ መዞር ይከተላል። በአዳራሹ ግን ለእኛ የቀረበልን የተከታዩ ብቻ ነበር።

ጥፋቱን ሁሉ በደርዊሾቹ ላይ መጫን ግን ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። እ.ኤ.አ. በ1925 የቱርክ ሪፐብሊክ የደርዊሾችን ቤቶች በሕግ ዘጋች፤ በኮንያ ያለው የሩሚ መካነ መቃብርም ሙዚየም ተደረገ። ሴማ በ1950ዎቹ እንደገና በአደባባይ ሲታይ የተፈቀደው እንደ አምልኮ አልነበረም፤ የሩሚን ዕለተ ሞት የሚዘክር ባህላዊ ዝግጅት ተብሎ ነው። ዩኔስኮም በ2005 ካወጀው በኋላ በ2008 በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ አሰፈረው። ጸሎት ተብሎ የተከለከለው ትርኢት ተብሎ ተፈቀደ፤ መድረኩ የመትረፊያ ዋጋ ሆነ። ደግሞም ከ1925 በፊት በኢስታንቡል የጋላታ ደርዊሾች ቤት የአውሮፓ መንገደኞች እየተቀመጡ ይመለከቱ እንደነበር ይታወቃል። ስለዚህ ተመልካች የዘመናችን ፈጠራ አይደለም። አዲሱ ነገር ሥርዓቱ ለተመልካች ተብሎ መሰናዳቱ ነው።

«ይህ ሁሉ ለሞያሌ ሰው ምኑ ነው?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ከደጃችን የሚያልፈውን ባናይ ነው እንጂ ነገሩ የእኛም ነው። የዒድ አል-አድሐና የመውሊድ ወራት ሲቃረቡ፣ ጫፏ እንደ ባላ የተሰነጠቀች በትር የያዙ ሰዎች ከሰሜን ኬንያ ተነሥተው ድንበሩን ይሻገራሉ። መድረሻቸው በባሌ ምድር፣ ከጊኒር ማዶ ያለው ድሬ ሼህ ሁሴን ነው። አንዳንዱ በነገሌ ቦረና፣ አንዳንዱ በሻሸመኔ ዞሮ ሮቤ ይደርሳል፤ ከዚያ ጎሮንና የሶፍ ዑመርን ዋሻ አልፎ ይቀጥላል። አሜሪካዊው መንገደኛ ዶናልድሰን ስሚዝ እ.ኤ.አ. በ1894 ደርሶበት ጽፏል፤ የሼሁን ተአምራት የሚተርከው የዐረብኛው መጽሐፍ «ረቢዑል ቁሉብ» በካይሮ ታትሟል። በቦታው የሚዜመው «ባሮ» ግን በአብዛኛው በሰው አፍ የሚኖር የኦሮምኛ ውዳሴ ነው።

በድሬ ሼህ ሁሴን እንደ እንዝርት የሚዞር የለም፤ ነጭ ሰፊ ቀሚስም የለም። በኖራ የተለሰኑ ነጫጭ መቃብሮች አሉ፤ በመካከላቸው ሰው ክብ ሠርቶ ይቆማል። አንዱ ያወጣል፤ ሌላው ይቀበላል። የአውጪው ስንኝ አንዴ ይረዝማል፣ አንዴ ያጥራል፤ የተቀባዩ ምላሽ ግን አይለወጥም። እጅ ያጨበጭባል፤ ጭብጨባው አድናቆት አይደለም፣ የዜማው ምት ነው። አካልም ምቱን ተከትሎ ይወዛወዛል። ባሮን ከመድረክ ጥበብ የሚለየው ዋና ባሕርይ፣ እኔ እንደማየው፣ በቅርጹ ውስጥ የተመልካች ወንበር አለመኖሩ ነው። በክቡ ውስጥ የቆመ ሰው ወይ ይቀበላል፣ ወይ ዝም ይላል። ዝም ያለ ሰው ዜማውን ያጐድለዋል እንጂ ታዳሚ አይሆንለትም።

እኔ ያን ጊዜ ዝም ካሉት ወገን ነበርሁ፤ ከዚያም የባሰ ሠራሁ። የሄድሁት ከናይሮቢ የመጡ ጥቂት እንግዶችን በአስተርጓሚነት ይዤ ነበር። ባሮው ሲጀመር አንዱ በስዋሂሊ «ይህ ምንድን ነው?» ብሎ ጠየቀኝ፤ እኔም ሳላስብ «ንጎማ» አልሁት። በስዋሂሊ ንጎማ ከበሮም ነው፣ ጭፈራም ነው። ከኢሲዮሎ የመጡ አንድ አዛውንት አጠገባችን ቆመው ኖሮ ቃሉን ሰሙ። በትራቸውን ወደ እኔ ዘንበል አድርገው በኦሮምኛ፣ «ልጄ፣ ንጎማ የፈለገ ሠርግ ቤት ይሄዳል። እዚህ ስም እየተጠራ ነው» አሉኝ። አፈርሁ። «ታዲያ ምን ልበላቸው፣ ሐጂ?» ብላቸው፣ «ለጊዜው ምንም አትበላቸው፤ ያዳምጡ» ብለው ወደ ክቡ ተመለሱ።

ነገሩን የከፋ የሚያደርገው ስዋሂሊ ለዚህ የራሱ ቃል ያለው መሆኑ ነው፤ «ዚክሪ» ይላል። ቃሉን ዐውቀዋለሁ። የተውሁት እንግዳው በቀላሉ እንዲገባው ብዬ ነበር። አስተርጓሚ «እንዲገባቸው» እያለ የሚፈጽመው በደል ብዙ ነው፤ ይህ ከዚያ አንዱ ነው።

አማርኛም ከዚህ በደል ነጻ አይደለም። በጋዜጣና በጕብኝት ጽሑፍ ስለ ሼህ ሁሴን፣ ስለ ሐረር ዚክሪ ወይም ስለ ወሎ ሐድራ ሲነገር «ጭፈራ» የሚለው ቃል ሳይገባ አይቀርም። ይኸው ቋንቋ ግን የቤተ ክርስቲያኑን ወረብ «ጭፈራ» ብሎ አያውቅም። ካህናቱ መቋሚያ ይዘው በከበሮና በጸናጽል ሲወዛወዙ ወረብ ይላል፣ ዝማሜ ይላል። አካል ከዜማ ጋር መንቀሳቀሱ ጸሎትን ጸሎት ከመሆን እንደማያወጣው ያውቃል ማለት ነው። ያንኑ ዕውቀት ለጎረቤቱ ለምን እንደነፈገ አይገባኝም። «ዚክር» ከግእዙ «ዘከረ» ጋር የአንድ ሥር ልጆች ናቸው፤ ዝክርና ተዝካር የሚል ሕዝብ ዚክርን ባዕድ ቃል ነው ሊል አይችልም። ሁለቱም ማሰብና ስም መጥራት ናቸውና።

ከዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ይሏል። ከሙስሊሞች መካከል የመቃብር ዝየራንና እንዲህ ያለውን ዚክር የማይቀበሉ አሉ፤ ክርክሩ የእምነቱ ባለቤቶች ስለሆነ ሐያሲ ዳኛ ሊሆንበት አይገባም። የሚያስገርመው ግን የቃሉ ነገር ነው። ነቃፊው ሊያወግዘው ሲሻ «ጭፈራ» ይለዋል፤ ጐብኚ የሚጠራው ሊያሻሽጠው ሲሻ «ጭፈራ» ይለዋል። በምንም የማይስማሙ ሁለት ወገኖች በአንድ የተሳሳተ ቃል ተስማምተዋል፤ ምክንያቱም ሁለቱም የሚፈርዱት በዓይናቸው ነው።

በጆሮ የሚፈርድ ሰው ምን እንደሚያተርፍ የወሎ መንዙማ ያሳያል። ቃሉ በዐረብኛ መደርደርን፣ በግጥም ማሰናኘትን ይናገራል። ሼህ ጦልሐ ጃዕፈርን የመሰሉ ሊቃውንት በዐረብኛ ፊደል አማርኛ እየጻፉ የገጠሙት ውዳሴ የቋንቋችን ሥነ ጽሑፍ አካል ነው፤ ሆኖም በትምህርት ቤት መጻሕፍት ብዙ ቦታ አላገኘም። የታሪክ ምሁሩ ሁሴን አሕመድ እ.ኤ.አ. በ2001 ባሳተመው ስለ ወሎ እስልምና በሚናገር መጽሐፉ ይህንን የሊቃውንት ዓለም በሰፊው አሳይቶናል። መንዙማ በካሴት ዘመን ከወሎ ወጥቶ እስከ ሞያሌ ሻይ ቤቶች ሲደርስ ያጣው ነገር ቢኖርም ድምፁ ሙሉ ነበር፤ አድማጩም የሚያየው ስለሌለው ግጥሙን ያጠናው ነበር። ኋላ በምስል ሲመጣ ፏፏቴና አበባ ከጀርባው ተደረደረለት። ግጥሙን የሚያዳምጠው ሰው መቀነሱን ከራሴ ቤት ዐውቃለሁ።

አሁን በእኛም ዘንድ የቅርስ መዝገብ ደጁ ተከፍቷል። ድሬ ሼህ ሁሴን እ.ኤ.አ. በ2011 በዩኔስኮ ጊዜያዊ ዝርዝር ውስጥ ገብቷል፤ ዚክሪ የሚዜምበት የሐረር ሹዋል ዒድም በ2023 በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ሰፍሯል። ይህን አልቃወምም። መዝገብ መንገድ ያሠራል፣ ጣሪያ ያስጠግናል፣ ልጆችም በወላጆቻቸው ሥርዓት እንዳያፍሩ ያደርጋል። የኢስታንቡሉ ምሽት ያስተማረኝ ግን መዝገቡ የሚቀበለው ነገር መጀመሪያ በምን ቃል እንደ ተጻፈ መጠንቀቅ እንደሚያሻ ነው። «ትርኢት» ተብሎ የተመዘገበ ነገር ወንበር ይፈልጋል፤ ወንበር ያገኘ ሰው ደግሞ ጨርሶ ያጨበጭባል። ቱርኮቹ ያን ዋጋ የከፈሉት ተገድደው ነው። እኛን ማንም አላስገደደንም።

ባለፈው ዓመት ስለ ባሌ የሚናገር አንድ አጭር የጕብኝት ጽሑፍ ከእንግሊዝኛ ወደ አማርኛ እንድመልስ ተሰጠኝ። ጭፈራን የሚያመለክተው ቃል በአምስት ቦታ ነበር፤ አምስቱንም «ዚክር» እና «ባሮ» ብዬ መለስሁት። አሠሪዎቼ «አንባቢ አይገባውም» አሉኝ። እኔም በኢሲዮሎው አዛውንት ፊት እንደ ቆምሁ ሆኜ ተከራከርሁ። ጽሑፉ ታትሞ ሲወጣ ሦስቱ እንደ መለስሁት ነበሩ፤ ሁለቱ ግን እንደ ገና «ጭፈራ» ሆነዋል። ለሁለተኛው እትም እንዲያርሟቸው ደብዳቤ ጽፌ መልሱን እየጠበቅሁ ነው።