ካሜራውን የያዙ ነዋሪዎች፦ «ዳርክ ዴይስ» እንደገና ሲታይ

ቤት አልባ ሰዎችን የሚያሳይ ዘጋቢ ፊልም ከመነሻው ሚዛኑ የተዛባ ነው። ፊልም ሠሪው ሲመሽ ቤቱ ይገባል፤ የሚቀረጸው ሰው ግን ካሜራ ሲሰለቸው የሚዘጋው በር የለውም። ማርክ ሲንገር በ2000 ለእይታ ያበቃው «ዳርክ ዴይስ» ይህን መዛባት እስካሁን ካየኋቸው ፊልሞች ሁሉ በተሻለ አቃንቶታል ብዬ አምናለሁ።

ቦታው ኒውዮርክ፣ ከሪቨርሳይድ ፓርክ ሥር የሚያልፍ የባቡር ዋሻ ነው። ነዋሪዎቹ ከወዳደቀ እንጨት ጎጆ ቀልሰዋል፣ ኤሌክትሪክ ጠልፈው አስገብተዋል፣ ያበስላሉ፣ ውሻ ያሳድጋሉ። እንግሊዛዊው ሲንገር ከዚያ በፊት ፊልም ሠርቶ አያውቅም ነበር። ሐሳቡም የፈለቀው ከዋሻው ሰዎች ጋር ሲጨዋወት ነው፤ ፊልሙ ገንዘብ ካስገኘ ከዚያ መውጫ ይሆናል በሚል ተስፋ ተጀመረ። መብራት የዘረጉት፣ ድምፅ የቀዱት፣ ካሜራው የሚንሸራተትበትን ጋሪ የሠሩት እነሱው ናቸው። ይህ የሥራ ክፍፍል በፊልሙ ላይ ይታያል። አንዲት እናት በእሳት ስላለቁባት ልጆቿ ስትናገር የምትናገረው አብሯት ለከረመ ሰው ነው፤ እንባዋን ሊወስድ ለመጣ እንግዳ አይደለም። ሌሎቹም ይቃለዳሉ፣ ይጨቃጨቃሉ፣ ስለ ክራክ ኮኬይን ሱሳቸው ሳይለማመጡ ያወራሉ።

ከዚህ ቀደም ላየነል ሮጎሲን በ1956 «ኦን ዘ ባወሪ»ን ሲሠራ የዚያችኑ ከተማ ጠጪዎች ራሳቸውን ሆነው እንዲተውኑ አድርጓል። ግሩም ፊልም ነው፤ ቬኒስ ላይም ተሸልሟል። ይሁንና የታሪኩ አቅጣጫ የዳይሬክተሩ ነበር። ከዋና ተዋናዮቹ አንዱ የነበረው ጎርማን ሄንድሪክስም ቀረጻው ካበቃ ብዙም ሳይቆይ አርፏል።

«ዳርክ ዴይስ» በሰንዳንስ ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት ጨምሮ ሦስት ሽልማቶች አግኝቷል። ድክመቱን ግን ሽልማት አይሸፍነውም። ጥቁርና ነጭ ምስሉ ከዲጄ ሻዶው ሙዚቃ ጋር ተዳምሮ ጨለማውን አልፎ አልፎ ከሚገባው በላይ ያሳምረዋል። ከዚህ የሚከፋው መጨረሻው ነው። አምትራክ የተባለው የባቡር ድርጅት ዋሻውን ልቀቁ ሲል፣ ለቤት አልባዎች የሚሟገት ድርጅት ጣልቃ ገብቶ የመንግሥት የኪራይ ድጎማ ተገኘ። ነዋሪዎቹ ጎጇቸውን በመዶሻ አፍርሰው በደስታ አፓርታማ ይገባሉ። ደስታቸው እውነተኛ ነው፤ ያ ድጎማ እንዴት እንደተገኘ ግን ፊልሙ ቶሎ አልፎታል፣ ስንቱን እንደማያዳርስም አይነግረንም። ተመልካቹ ችግሩ ተፈታ ብሎ ይወጣል። እውነታው ግን አሜሪካ ውስጥ ለፌዴራል የኪራይ ድጎማ ብቁ ከሆኑት ቤተሰቦች የሚያገኙት አንድ አራተኛ ያህሉ ብቻ ናቸው።