እንግዳው በበርታ ቋንቋ ሲመልስ

የአማርኛ ተከታታይ ድራማ ደራሲ ታሪኩ ሳይጠየቅ ቦታው ይጠየቃል፦ «ስንት ቤት ነው የሚቀረጸው?» በጀት ነውና አልቀየምም። ፋና ቴሌቪዥን ላይ ይታይ የነበረው ተከታታይ ድራማ «ምን ልታዘዝ» በአንዲት ካፌ ተወስኖ አገር ታዝቧል። የሚያስቸግረው ገጸ ባሕርያቱ እዚያ እንዲገናኙ ግድ የሚላቸው ነገር ሲጠፋ ነው። ያኔ ደራሲው በስልክ ጥሪ ያገናኛቸዋል፣ በጩኸት ያለያያቸዋል።

የቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልሏ አሶሳ ይህን ጣጣ ታቀልልኛለች። በአንድ የማንጎ ዛፍ ጥላ ሥር የበርታ ተወላጅ፣ በ1970ዎቹ ከወሎ መጥቶ የሰፈረ ገበሬ፣ የሱዳንን ጦርነት የሸሸ ስደተኛና ወርቅ ሲቆፍር የሰነበተ ጎረምሳ ቢቀመጡ «ምን አገናኛቸው?» የሚል ተመልካች የለም።

ከዚህም የሚበልጠው ቋንቋው ነው። አንዲት እናት ቤታቸው በበርታ ቋንቋ፣ ገበያ በዐረብኛ፣ የክልሉ መሥሪያ ቤት ሲገቡ ደግሞ በአማርኛ ሊያወሩ ይችላሉ። እኔ በምጽፈው የዐሥር ደቂቃ ክፍል ውስጥ ለረጅም ንግግር ቦታ የለኝም፤ ቋንቋ መለወጥ ግን ራሱ ድርጊት ነው። ልጃቸውን ሊጠይቅ የመጣው ወጣት የሰፋሪ ልጅ ነው እንበል። እናት ቡና እየቀዱለት በአማርኛ ያጫውቱታል፣ ለልጃቸው በበርታ ቋንቋ ያሙታል። ሲጨርስ ስኒውን መልሶ በዚያው በበርታ ቋንቋ ያመሰግናቸዋል። ክፍሉ እዚያ ላይ ይቆረጣል። ሽጉጥም አደጋም ሳያስፈልግ ተመልካቹ ለቀጣዩ ክፍል ይመጣል። «ሁሉንም አማርኛ አድርገው» የሚለኝ ፕሮዲዩሰር ይህን ትዕይንት ነው የሚገድልብኝ።

ተመልካች ይጠብቃል ስል በግምት አይደለም። ከ2002 እስከ 2004 እ.ኤ.አ. የተላለፈው የሬዲዮ ድራማ «የቀን ቅኝት» 257 ክፍሎች ነበሩት፤ አድማጭ ባይጠብቀው ያን ያህል አይዘልቅም ነበር። የተከተለው የሜክሲኳዊው ሚጌል ሳቢዶ ዘዴ ገጸ ባሕርያትን በጎ፣ ክፉና በመሐል የሚዋልል ብሎ ይከፍላል። ለአጭር ክፍል ሦስተኛው ብቻ ይበቃኛል፤ ደጉና ክፉው ምን እንደሚያደርጉ አስቀድሞ ይታወቃላ!

ስለ ደራሲ እንጀራም ላንሣ፦ በክፍል ቁጥር የሚከፈለው ደራሲ ታሪክ መጎተት ይለምዳል። እኔ መጨረሻውን ሳልጽፍ የመጀመሪያውን ክፍል አላስረክብም።

አሶሳ ውስጥ በስልካችሁ የምትቀርጹ ልጆች፣ ገጸ ባሕርያታችሁ ቤታቸው በሚያወሩበት ቋንቋ ያውሩ፤ በበርታም ይሁን በጉሙዝ ወይም በሺናሻ። አማርኛውን ከሥር በጽሑፍ አድርጉልን፣ እናነበዋለን።