የባሕር ሕግና የአባት ዕዳ፦ ስለ «ቼሚን» ፊልም

የሁለት ወጣቶች ፍቅርና የወላጆች ተቃውሞ በተረትም፣ በተውኔትም፣ በፊልምም እጅግ የተደጋገመ ጉዳይ ነው። ከመደጋገሙም የተነሣ ብዙ የፊልም አዘጋጆች አንድ የተለመደ መንገድ ይከተላሉ፤ ፍቅረኞቹን ንጹሐን፣ ወላጆቹን ጨካኞች ያደርጉና ተመልካቹን አስለቅሰው ያሰናብቱታል። ተመልካቹም ለምን እንዳለቀሰ ሳይመረምር ወደ ቤቱ ይመለሳል። ፍቅሩ በምን ምክንያት እንደተሰናከለ፣ ከመሰናከሉ ማን እንደተጠቀመ፣ ዋጋውንም ማን እንደከፈለ ለይቶ የሚያሳይ ሥራ ግን ብርቅ ነው። በ1965 እ.ኤ.አ. በደቡብ ህንድ በማላያላም ቋንቋ ተሠርቶ ለሕዝብ የቀረበው «ቼሚን» የተባለው ፊልም ከእነዚህ ብርቅ ሥራዎች አንዱ ሊሆን ጥቂት ቀርቶታል። ያጎደለውም ጥቂት ነገር ሊመረመር የሚገባው ነው፤ ፊልሙ ሁለት ሰዓት ሙሉ ያቀረበውን ማስረጃ በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ራሱ ይሽረዋልና።

የህንድ ፊልም ሲባል በኢትዮጵያ ተመልካች ኅሊና የሚመጣው አብዛኛውን ጊዜ በቀድሞዋ ቦምቤይ በሂንዲ ቋንቋ የሚሠራው ፊልም ነው። ማላያላም ግን የሌላ ሕዝብ ቋንቋ ነው። የሚነገርባትም ኬራላ በህንድ ደቡብ ምዕራብ፣ በዐረብ ባሕር ዳርቻ ላይ እንደ ሪባን ተዘርግታ የምትገኝ፣ በ1956 እ.ኤ.አ. በቋንቋ ወሰን መሠረት የተቋቋመች ክፍለ ግዛት ናት። በኢትዮጵያ ትምህርት ቤቶች ለብዙ ዓመታት ካስተማሩት ህንዳውያን መምህራን ብዙዎቹ የመጡት ከዚህችው ምድር በመሆኑ ሕዝቧ ለአንባቢ ፈጽሞ እንግዳ አይደለም፤ ኪነ ጥበቧ ግን በቅጡ አልታወቀም።

«ቼሚን» በማላያላም የሽሪምፕ መጠሪያ ነው። ፊልሙ የተመሠረተው ታካዢ ሲቫሳንካራ ፒላይ በ1956 እ.ኤ.አ. ባሳተመው፣ በማግስቱም ዓመት የህንድን የሥነ ጽሑፍ አካዳሚ ሽልማት ባገኘው በዚሁ ስም በሚጠራው ልብ ወለድ ላይ ነው። ታካዢ ቀደም ሲል በ1940ዎቹ እ.ኤ.አ. ስለ ጽዳት ሠራተኞችና ስለ ሩዝ እርሻ ወዛደሮች የጻፈ፣ ቅጥርና ረኃብ ምን እንደሆኑ ጠንቅቆ የሚያውቅ ደራሲ ነበር። የፊልሙ አዘጋጅ ራሙ ካሪያትም ለዚህ ዓይነቱ ጉዳይ አዲስ አልነበረም። በ1954 እ.ኤ.አ. ከፒ. ባስካራን ጋር ባዘጋጀው «ኒላኩዪል» በተባለ ፊልም፣ ከፍ ካለ ወገን የተወለደ አንድ መምህር «የማትነካ» ከተባለች ሴት ጋር ወድቆ ካስረገዛት በኋላ እንዴት እንደካዳት አሳይቷል። የ«ቼሚን»ን የፊልም ጽሑፍ ያዘጋጀው ኤስ. ኤል. ፑራም ሳዳናንዳን ነው። ፊልሙ የህንድን የፕሬዚዳንት የወርቅ ሜዳይ ሲያገኝ ከደቡብ ህንድ የመጀመሪያው ሆነ።

ታሪኩ በአጭሩ እንዲህ ነው። ካሩታማ የዓሣ አጥማጅ ልጅ ናት፤ ፓሪኩቲ ከአጥማጆች ዓሣ እየገዛ የሚነግድ ወጣት እስላም ነው። በባሕሩ ዳርቻ አብረው ያደጉት እነዚህ ሁለት ወጣቶች ይዋደዳሉ። ሃይማኖታቸው የተለያየ ስለሆነ ጋብቻ የማይታሰብ ነው። የካሩታማ አባት ቼምባንኩንጁ በሌላ ሰው ጀልባ ላይ መቅዘፍ ያንገፈገፈው፣ የራሱ ጀልባና መረብ እንዲኖረው ሌት ተቀን የሚያልም ሰው ነው። ይህን ሕልሙን የሚፈጽምበት ገንዘብና የደረቀ ዓሣ የሚያገኘው ከዚያው ከፓሪኩቲ ነው። ጀልባው ይገዛል፤ ዕዳው ግን ሳይከፈል ይቀራል። ካሩታማም ወላጅ አልባ ለሆነው ለብርቱው ቀዛፊ ለፓላኒ ትዳራለች። በሠርጉ ቀን በተነሣው ጠብ እናቷ ቻኪ ታማ ትወድቃለች፤ ልጅቱ ባሏን ተከትላ ስትሄድ አባቷ ልጄ አይደለሽም ብሎ ይክዳታል። በአዲሱ መንደሯም የቀድሞ ፍቅሯ ወሬ ተከትሏት ይደርሳል። አጥማጆቹ ከፓላኒ ጋር በአንድ ጀልባ መውጣት ይፈራሉ፤ እርሱም ብቻውን ወደ ባሕር ይወጣል። አንድ ሌሊት ካሩታማና ፓሪኩቲ ዳግመኛ ሲገናኙ፣ ፓላኒ ትልቅ ሻርክ በመንጠቆው ይዞ ከባሕሩ ጋር ይታገላል፤ አዙሪትም ይውጠዋል። የሁለቱ ፍቅረኞች ሬሳ እጅ ለእጅ እንደተያያዘ ባሕሩ ይተፋዋል።

በዚህ ታሪክ ላይ የጸና አንድ እምነት አለ። ባሕሯ እናት ናት፤ ካዳላማ ትባላለች። ባል በጀልባ ላይ ሳለ ሕይወቱን የምትጠብቀው በምድር ላይ የቀረችው ሚስቱ ናት፤ እርሷ ንጽሕናዋን ካጎደለች ባሕሯ ባልዋን ትውጠዋለች። ይህን ሕግ ለካሩታማ የምታስተምራት እናቷ ቻኪ ናት። ሕጉ ከሽማግሌ አፍ ወይም ከዳኛ ወንበር ቢመጣ ልጅቱ ልትከራከረው በቻለች ነበር፤ ከምታፈቅራት እናት በምክርና በእንባ ሲመጣ ግን መከራከሪያ የለውም። አዘጋጁ ይህን የተረዳ ይመስላል፤ የእናትና የልጅ ንግግሮች ከፊልሙ ትዕይንቶች ሁሉ ጸጥ ያሉና አስፈሪ ናቸው።

ይሁን እንጂ ፊልሙ ከእምነቱ ጎን ሌላ ነገር እየመዘገበ ይሄዳል፤ እርሱም ሒሳብ ነው። ቼምባንኩንጁ ከፓሪኩቲ ሲበደር፣ አበዳሪው ገንዘቡን የሚሰጠው ለማን ብሎ እንደሆነ ያውቃል። ቻኪም ታውቃለች። ሁለቱም የልጃቸውን ስም ሳይጠሩ በልጃቸው ፍቅር ዋስትና ይበደራሉ። ከሁሉ በላይ ይህን የምትረዳው ራሷ ካሩታማ ስለሆነች ዕዳው እንዲከፈል አጥብቃ ትወተውታለች። ለእርሷ ያ ገንዘብ የአባቷ ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ እስካልተመለሰ ድረስ እርሷ ራሷ በመያዣነት እንደተሰጠች ትቆጥረዋለች። የዚህች ወጣት ብስለት ያለው በዚህ ላይ ነው። በቤቱ ውስጥ ስለ ክብር ያለማቋረጥ የሚያወሩት ወላጆቿ ናቸው፤ ክብር ማለት የሰውን ገንዘብ መመለስ ጭምር መሆኑን የምታስታውሰው ግን እርሷ ብቻ ናት።

እንግዲህ የፊልሙ ትልቁ ጥያቄ ከዚህ ላይ ይነሣል። ባሕሯ ለሴቷ ሕግ አላት፤ ለአባቷ ዕዳ ግን ሕግ የላትም። አንዲት ሴት በልቧ ስለያዘችው ፍቅር ማዕበል ይነሣል ተብሎ ይታመናል፤ አንድ አባት የወጣቱን ነጋዴ ንብረት ወስዶ ባዶ እጁን ሲያስቀረው ግን ውኃው ረግቶ ይተኛል። እንዲያውም ከዕዳው በኋላ ለቼምባንኩንጁ ዓሣው ይበዛለታል። በልብ ወለዱ ውስጥ የጥንቱ ልማድ ጀልባና መረብ መያዝን ለአንድ ወገን ብቻ የሚፈቅድ ሲሆን፣ ቼምባንኩንጁ ያንን ልማድ በገንዘቡ ጥሶ ያልፋል። የንብረት ልማድ በገንዘብ ሲጣስ ሽማግሌዎች ጥቂት አጉረምርመው ዝም ይላሉ። የሴት ልጅ ልማድ ተጣሰ ተብሎ ሲጠረጠር ግን መንደሩ በሙሉ ዳኛ ይሆናል። ከሁለቱ ልማዶች አንደኛው የሚታጠፍ፣ ሁለተኛው የማይታጠፍ ለምን ሆነ? «ቼሚን» ይህን ጥያቄ በስብከት አያነሣም፤ ድርጊቶቹን ጎን ለጎን በማስቀመጥ ብቻ ያስነሣዋል። ጥሩ ፊልም የሚያደርገውም ይህ ነው።

የቼምባንኩንጁ ገጸ ባሕርይ በዚህ ረገድ ልዩ ትኩረት ይገባዋል። ኮታራካራ ስሪዳራን ናየር የተጫወተው ይህ ሰው ተራ ክፉ አባት አይደለም። ተስፋው የድኻ ተስፋ ነው፤ ጀልባ የሌለው አጥማጅ ከባሕር ካወጣው ዓሣ የሚደርሰው ትራፊ መሆኑን ያውቃል። ስለዚህ ተመልካቹ በመጀመሪያ አብሮት ይመኛል። ጀልባው በተገዛበት ቀን ግን ሰውየው ቀስ በቀስ መለወጥ ይጀምራል፤ ትናንት በእርሱ ላይ ይደረግ የነበረውን ዛሬ በሌሎች ላይ ያደርጋል። ቻኪ ከሞተች በኋላ ጀልባውን የሸጠለትን ሰው መበለት ፓፒኩንጁን ሲያገባ፣ ጀልባውን ብቻ ሳይሆን የባለጀልባውን ኑሮ በሙሉ ለመውረስ መፈለጉ ግልጽ ይሆናል። ኋላ አእምሮውን ሲስት በዙሪያው የቀረ ሰው የለም። የበላዩን በመምሰል ብቻ ከድኽነት ለመውጣት የሚጥር ሰው ምን እንደሚገጥመው ከዚህ ገጸ ባሕርይ የበለጠ የሚያስረዳ በቀላሉ አይገኝም።

በአሠራሩም ረገድ ፊልሙ ከፍ ያለ ደረጃ አለው። ካሪያት ለአንድ የኬራላ መንደር ታሪክ የህንድን የልዩ ልዩ ክፍል ባለሙያዎች አሰባስቧል። የካሜራ ባለሙያው ማርከስ ባርትሊ ባሕሩን በቀለም ሲያነሣ ለጌጥ አልተጠቀመበትም፤ ጀልባ የሚገፉ፣ መረብ የሚጎትቱ፣ ዓሣ የሚለዩ ሰዎች በውኃው ፊት ሁልጊዜ ይታያሉ፤ ባሕሩም በመጀመሪያ የሥራ ቦታ ሆኖ ይታወቃል። አርትዖቱ የሪሺኬሽ ሙከርጂ፣ ሙዚቃው የሳሊል ቻውዱሪ ነው። ሁለቱም በ1953 እ.ኤ.አ. ቢማል ሮይ ባዘጋጀው፣ አንድ ገበሬ ዕዳውን ከፍሎ ጥቂት መሬቱን ለማዳን ሲታገል በሚያሳየው ታዋቂ ፊልም ላይ አብረው የሠሩ ናቸው። ቻውዱሪ የቤንጋል ሰው ሆኖ ሳለ የቀዛፊዎቹን የኅብረት ዜማ ከቅዝፊያው ምት ጋር አዋሕዶታል። ፓሪኩቲ በጨረቃ ብርሃን በባሕሩ ዳር የሚያሰማውን እንጉርጉሮ የዘፈነው የሂንዲ ፊልም ዘፋኙ ማና ዴይ ሲሆን፣ ግጥሙ የቫያላር ራማ ቫርማ ነው። ካሩታማን የተጫወተችው ሺላ በዝምታዋ፣ ፓላኒን የተጫወተው ሳትያን በትከሻውና በእጁ ብዙ ይናገራሉ።

ድክመቱ ግን አልታጣም። ማዱ የተጫወተው ፓሪኩቲ ከመጠን በላይ የተገራ ሰው ነው። ይሰጣል፣ ይዘፍናል፣ ይጠብቃል። ነጋዴ መሆኑ ለታሪኩ አስፈላጊ ሆኖ ሳለ፣ ሲነግድ፣ ሲከስር፣ አበዳሪዎቹ ሲመጡበት በበቂ አይታይም፤ ድኽነቱ በልብሱ መቀዳደድ ብቻ ይገለጻል። የእስላም ነጋዴዎች ኑሮና በአጥማጆቹ ዘንድ የነበራቸው ቦታም ከዳር ቀርቷል። በዚህ ምክንያት የሃይማኖቱ ልዩነት ግንብ መሆኑ ይነገራል እንጂ ግንቡን ማን እንደገነባው አይታይም። የዘፈኖቹም ውበት አንዳንድ ጊዜ ተመልካቹን ከሒሳቡ አርቆ ወደ ትካዜ ይወስደዋል።

ከሁሉ የሚከብደው የመጨረሻው ነው። ፊልሙ እስከዚያ ድረስ ካሩታማን የጎዳት የአባቷ ስስትና የመንደሩ ሐሜት መሆኑን አሳይቷል። ፓላኒ ብቻውን ወደ ባሕር የወጣው ባልንጀሮቹ ስላገለሉት ነው፤ በጀልባዋ ላይ ሌላ ቀዛፊ ቢኖር ኖሮ ዕድሉ ሌላ ሊሆን በቻለ። የሞቱ ምክንያት እንግዲህ ከምድር ነው። ነገር ግን ፍቅረኞቹ በተገናኙበት በዚያው ሰዓት አዙሪቱ ሲነሣ፣ አርትዖቱም ሁለቱን ድርጊቶች እያፈራረቀ ሲያቀርብ፣ ባሕሯ ሕጓን አስከበረች የሚል ትርጉም ይፈጠራል። ቻኪ ለልጇ የነገረችው ማስፈራሪያ እውነት ሆኖ ተፈጸመ። መንደሩም ከተጠያቂነት ነጻ ወጣ።

ይህን ፍጻሜ የሚደግፍ ሰው ሊያቀርበው የሚችለው መከራከሪያ አለ። ታሪኩ የቀረበው በአጥማጆቹ ዓይን ስለሆነ ፍጻሜውም እነርሱ እንደሚያምኑት መሆን አለበት፤ ሳይንስን በእምነት ላይ መጫን የደራሲው ሥራ አይደለም ይል ይሆናል። መከራከሪያው ክብደት አለው። የሕዝብን እምነት በንቀት የሚያፈርስ ኪነ ጥበብ ሕዝቡን አያውቀውም። ነገር ግን እምነትን ማሳየትና ለእምነት መመስከር የተለያዩ ናቸው። ሕዝቡ «ባሕሯ ቀጣችው» ሲል ማሰማት ይቻላል፤ ካሜራው ራሱ እንዲህ ሲል ግን ለተከሰሰችው ሴት ምስክር የሚሆን አይቀርም። አንድ የታንኳ ሰው ማዕበሉ እየመጣ ፓላኒን ብቻውን ትቶት ሲመለስ የሚያሳይ አንድ ትዕይንት ቢታከል፣ እምነቱም ሳይነካ እውነቱም ሳይሸፈን በቀረ ነበር።

እንዲህም ሆኖ «ቼሚን» ከግማሽ ምዕት ዓመት በኋላም ሊታይና ሊጠና የሚገባው ሥራ ነው። በፍቅር ታሪክ ውስጥ የቤተሰብን ኢኮኖሚ ማሳየት እንደሚቻል፣ የወላጅና የልጅ ጠብ ከጠባይ ልዩነት ይልቅ ከጀልባና ከመረብ ሊመነጭ እንደሚችል ያስተምራል። ስሕተቱም ያስተምራል፤ ድርሰት በማስረጃው የያዘውን በፍጻሜው መልቀቅ እንደሌለበት ያሳያል።

በታሪኩ መዝጊያ በባሕሩ ዳርቻ የምትቀረው የካሩታማ ታናሽ እኅት ፓንቻሚ ናት፤ በእቅፏም የሟቿ ሴት ልጅ ታለቅሳለች። ያች ሕፃን ስታድግ ስለ እናቷ የሚነገራት ነገር አለ። የባሕሯን ሕግ ብቻ ይነግሯት ይሆን፣ ወይስ የአያቷን ዕዳ ጭምር? ፊልሙ መልሱን ሳይሰጥ ያልቃል፤ መልሱ ግን ፊልሙን ተመልክቶ ለሌላ በሚተርከው ሰው ሁሉ እጅ ነው።