መጪውን ዘመን አይተው የተመለሱ ሰዎች

«ኤጀንትስ ኦቭ ሺልድ» የሚባለው የማርቭል ታሪክ አምስተኛው ክፍል በአውሮፓውያን አቈጣጠር ከ2017 ዓመት መጨረሻ እስከ 2018 ዓመት ግንቦት ድረስ በአሜሪካ አገር በኤ.ቢ.ሲ. ቴሌቪዥን የታየ ሲሆን፥ 22 ምዕራፎች አሉት። ከሰው የሚበልጥ ኃይል ስለ ተሰጣቸው ጀግኖች የሚነገረው ታሪክ ብዙ ጊዜ የጡንቻ ታሪክ ነው። ይህኛው ግን ከጡንቻ ይልቅ የሚያስፈራ ነገር አግኝቷል፤ ይኸውም የሚመጣውን አስቀድሞ ማወቅ ነው።

ኰልሰን የተባለው አለቃና ባልንጀሮቹ ሳይወዱ ወደ 2091 ዓመት ይወሰዳሉ። በዚያም ምድር ተሰባብራ፥ የተረፈው ሕዝብ በአንድ ምሽግ ውስጥ ተዘግቶ፥ ከሌላ ዓለም የመጡት የክሪ ገዦች እንደ ከብት ሲነዱት ያገኙታል። ካሲየስ የተባለውም ገዥ ልዩ ኃይል ያላቸውን ሰዎች በጨረታ ይሸጣል። ሥራው በብልሃት የተሠራ ቢሆንም፥ ጨለማው መተላለፊያና የባርነቱ ገበያ ሌሎች ደራሲዎችም ደጋግመው ያሳዩት ነገር ነውና፥ ፊተኞቹ 10 ምዕራፎች ከሞላ ጐደል በዚያ መቈየታቸው ተመልካቹን ማሰልቸቱ አልቀረም።

የታሪኩ ልብ ያለው ግን እዚያው በአንዲት ክፍል ውስጥ ነው። ኤሌና የምትባለው ፈጣኗ ሴት፥ ካሲየስ እየገደለ የሚያስነሣትን አንዲት እስረኛ ታገኛለች፤ እስረኛዪቱም ራሷ ኤሌና ናት፤ ሁለቱም እጆቿ የሉም። ምድር የጠፋችው ኰልሰንን ለማዳን ሲባል ነውና ይሙት ብላ ትመክራታለች። ወደ ዘመናቸው ከተመለሱም በኋላ ኤሌና እጆቿን በእውነት ታጣለች።

ከዚህ ወዲያ ዕውቀቱ ሰዎቹን ያስራቸው ጀመር። ፊትዝና ሲመንስ በመጪው ዘመን የልጅ ልጃቸውን አይተዋልና፥ ኤሌናም ራሷን በሕይወት አይታለችና፥ አሁን አንሞትም ብለው ወደ አደጋ ይሮጣሉ። ኤሌናም ምድርን የምታፈርሰው ሩቢ የተባለችው ልጅ መስላት ትገድላታለች። የልጅቱ እናት በሐዘን ተቃጥላ ምሽጉን ለጠላት ትጠቁማለች፤ ጠላትም ሲመጣ ጄኔራል ታልቦት ባልንጀሮቹን ለማዳን ብሎ ከዓቅሙ በላይ የሆነውን ኃይል በሰውነቱ ይጨምራል። ምድርን የሚያፈርሰውም እርሱ ነበረ፤ ክፉ ሰው ሳይሆን አዳኝ ለመሆን የቋመጠ፥ አእምሮው የተጐዳ ወታደር። የነነዌ ሰዎች ዮናስ የነገራቸውን ጥፋት ሰምተው መንገዳቸውን መለሱ፤ እነዚህ ግን የሰሙትን ጥፋት እንደ ትእዛዝ ፈጸሙት። ደራሲዎቹ ይህን ሰንሰለት ቀለበት በቀለበት ሲያያይዙ እጃቸው አልተንቀጠቀጠም።

ፍጻሜው ግን እኩል አይደለም። ኰልሰን ሊያድነው የሚችለውን መድኃኒት ለራሱ ሳይወስድ በስውር ለዴዚ ይተውላታል፤ እርስዋም በዚያ ኃይል ታልቦትን ከምድር ወደ ጠፈር ትወረውረዋለች። የዘመናትን ቀለበት የሰበረው አንድ ሰው ስለ ራሱ የተወው ነገር መሆኑ መልካም ነው። የፊትዝ ሞት ግን ሌላ ነው። ፍርስራሽ ወድቆበት፥ ጭንቁ ሳይገባው፥ በባልንጀሮቹ እጅ ሲሞት ተመልካቹ ያለቅሳል፤ ወዲያውም ሌላው ፊትዝ በጠፈር መርከብ ውስጥ በበረዶ እንቅልፍ ተኝቶ እንዳለ ይነገረዋል። እንባ በብድር ተወስዶ ወዲያው ሲመለስ ማንንም አያከብርም። ከዚህ ይልቅ የኰልሰን ፍጻሜ ይሻላል፤ የቀረችውን ጥቂት ዕድሜ ከሜይ ጋራ ሊፈጽም በታሂቲ ባሕር ዳር ይወርዳል፥ ታሪኩም እዚያው ይተወዋል።